ድምፅ ሰብሳቢው ዘገየ

አምቦ ውስጥ የምክር ቤቱን ደጃፍ ሳይረግጥ «እንደራሴው» ተብሎ የተጠራ ሰው አንድ ብቻ ነው፤ እሱም ሬዲዮ ጠጋኙ ዘገየ ነው። ስሙን ማን እንዳወጣለት አይታወቅም፤ ያልጠራበት ግን አልነበረም። ዘገየ መጀመሪያ ሰሞን ይቆጣ ነበር። በኋላ ዝም ይል ጀመር። እየቆየ ሲሄድ «እንደራሴው» ሲሉት «አቤት» ብሎ ቀና ማለት ለመደ። ሰው ባወጣው ስም ሲናደዱ መኖር አድካሚ ሥራ ነው፤ ደመወዝም የለውም።

የተወለደው እዚያው አምቦ ነው፣ ከቡልጋ መጥተው ከሰፈሩ ቤተሰብ። ከቤት አማርኛ፣ ከደጅ ኦሮምኛ እየተናገረ አደገ። በወጣትነቱ ጦር ሠራዊት ገብቶ መገናኛ ክፍል ተመደበና ሬዲዮ መፍታትና መግጠም ተማረ። ተሰናብቶ ሲመለስ ወደ ጉደር በሚወስደው መንገድ ዳር ባለ አንድ በር ሱቅ ከፈተ። በመንግሥት ወረቀት ከተማዋ ሀገረ ሕይወት ነበረችና ሰሌዳው ላይ በትልቁ «የሀገረ ሕይወት ሬዲዮ ጥገና» ብሎ ጻፈ። ደንበኞቹ ግን ከሰሌዳው ሥር ቆመው አምቦ ሬዲዮ የሚሠራው ሰው የት እንደሆነ ይጠይቁ ነበር።

ሚስቱ ሸዋገነት በዚያው ሱቅ ጥግ የስፌት መኪናዋን ዘርግታ ትሰፋለች። ዘገየ ዝምተኛ ስለሆነ የሁለቱንም ድርሻ የምትናገረው እሷ ናት፤ አንደበቷም ከመቀሷ አይተናነስም።

በሃምሳዎቹ መጀመሪያ ላይ መንገድ የሚያሠራ አንድ ፈረንጅ መሐንዲስ አልዞር ያለ ቴፕ ይዞ መጣ። ሻንጣ የሚያህል፣ በባትሪ ድንጋይ የሚሠራ፣ ድምፅ የሚቀዳበትን ክር የሚጠቀልሉ ሁለት ጎማዎች ያሉት ዕቃ ነው። ዘገየ ቴፑን ጠግኖ ሳይጨርስ የፈረንጁ ሥራ አልቆ ወደ አገሩ ተጠራ፤ በሾፌሩም በኩል ዕቃውን ለራስህ አድርገው ብሎ ላከበት። ዘገየ ለሙከራ ማይኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦ «አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት» አለና መልሶ አዳመጠው። የራሱን ድምፅ ጠላው፤ ይህ በማንም የሚደርስ ነው። ነገር ግን «ሁለት» ካለ በኋላ፣ «ሦስት» ከማለቱ በፊት፣ ከበስተኋላ የጋሪ ቃጭል ሰማ። ፈረሱ አነጠሰ። ባለጋሪው በኦሮምኛ ተቆጣ። ከማዶ አንዲት ሴት ልጇን ጠራች። ሲቀዳ እዚያው ቁጭ ብሎ ሳለ ከዚህ ሁሉ አንዱንም አልሰማም። ዕድሜውን ሙሉ የኖረባትን ከተማ አንድ ቀን እንኳ ሰምቷት እንደማያውቅ ገባውና ደነገጠ።

ከዚያ ወዲያ ሰውየው በጤናው ነበር ለማለት ይከብዳል። ሬዲዮ ሊያስጠግን የመጣ ሰው ሱቁን ዝግ አግኝቶ ሲጠይቅ፣ ዘገየ ፍል ውሃው ዘንድ ተንበርክኮ የውሃውን መንፈቅፈቅ እየቀዳ ነው ይሉታል። ሁሉቃ ወንዝ ወርዶ ልብስ በድንጋይ ላይ ሲመታ ይቀዳል። ቅዳሜ ገበያ ጨው ተራ መካከል ቴፑን አቅፎ ይቆማል፤ ሰው እየገፋው ያልፋል። በነሐሴ ጉደር ፏፏቴ ድረስ ሄዶ፣ ራሱ ዝናብ እየመታው ቴፑን በካፖርቱ ሸፍኖ ይመለሳል። ከዚያ ቤቱ ቁጭ ብሎ ክሩን በምላጭ እየቆረጠ ይቀጥለዋል። ገበያውን ከወንዙ ጎን፣ ጋሪውን ከዝናቡ ጎን ያስቀምጣል፤ ጎን ለጎን ሲሆኑ ለየብቻቸው ያልነበራቸው ነገር ይወጣቸዋል። ይህን ነገር በምን ስም እንደሚጠራው አያውቅም። ዘፈን አይደለም፤ ወሬም አይደለም። ከሚያምሩ ነገሮች ሁሉ ያመረ እንደሆነ ግን በልቡ አይጠራጠርም።

ለሸዋገነት አንድ ቀን ሊያስረዳት ሞከረ። መኪናዋን አቁማ እስኪጨርስ ሰማችው።

«ሰው ውሃ ይቀዳል፤ ሰው ዘፈን ይቀዳል» አለችው። «አንተ አህያ ትቀዳለህ።»

መቅዳቱስ ባልከፋ፤ የዘገየ ጭንቀት የሚያዳምጥለት ሰው ማጣቱ ነበር። ጎረቤቶቹን ጠርቶ ጠጅ አቅርቦ አሰማቸው። ጠጁን ጠጡና ዘፈኑ መቼ እንደሚጀምር ጠየቁት። ዘፈን እንደሌለው ሲነግራቸው አዘኑለት፤ ዕቃው የተበላሸ መሰላቸው። የቆርቆሮ ነጋዴው ተሻለ እስከ መጨረሻው ተቀምጦ ነበርና ዘገየ ደስ ብሎት ሊጠይቀው ቀረብ ሲል እንቅልፍ ወስዶታል። ማዘጋጃ ቤት ሄዶ አዳራሹን ለአንድ እሑድ ቢለምን ጸሐፊው አቶ ሥዩም ምን ልታሰማበት ነው አሉት። ገበያውን አላቸው። ገበያው እኮ እዚያው ነው አሉት፤ እውነታቸውን ነው። አዳራሹ ለቁም ነገር ብቻ እንደሚሰጥ በትሕትና አስረድተው ሸኙት።

ዘገየ በዚህ ተጎዳ። የሚፈልገው ብዙ አልነበረም፤ አንድ ሰው ቁጭ ብሎ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ እንዲሰማለት ብቻ ነው። ያ ካልሆነ የለፋበት ነገር ሥራ ይሁን እብደት መለየት አይችልም። አንዳንድ ቀን ራሱም እብደት መሆኑን ያምን ነበር።

በሃምሳ ሰባት ዓመተ ምሕረት፣ ክረምቱ ሊገባ ሲል፣ የድንጋይ ወፍጮ ድምፅ አማረው። አምቦ የሞተር ወፍጮ ገብቶላት ሴቶቹ መጁን ጥለውታልና እሱን ፍለጋ ጉደር ወንዝን ተሻግሮ ወደ አንዲት የገጠር መንደር ሄደ። ሽማግሌዎች ከዛፍ ሥር ተቀምጠው አገኘ። ጨዋ ሰው ስለሆነ ሳያስፈቅድ ማይክ መደቀን አልወደደም። ከመካከላቸው ታላቅ ለሆኑት ለኦቦ ቀነዓ እጅ ነሥቶ ጉዳዩን ተናገረ።

«ድምፃችሁን ልሰበስብ ነው የመጣሁት» አላቸው።

በሌላ ጊዜ ቢሆን ይህ ንግግር ምንም አልነበረም። ነገር ግን ወሩ የምርጫ ወር ነው፤ በዚያ ሰሞን ወደ መንደሯ ብቅ ያለ የከተማ ሰው ሁሉ ድምፅ ሊሰበስብ የመጣ ነው። ሽማግሌዎቹ ሲተያዩ ጊዜ ዘገየ አማርኛው ያልገባቸው መሰለውና በኦሮምኛ «ሰገሌ ኬሰን» ብሎ ደገመላቸው። ሰገሌም ያው ድምፅ ነው፤ መዘዙም ያው።

ኦቦ ቀነዓ ምልክትህ ምንድን ነው አሉት። ማንበብ ለማይችል መራጭ ሲባል ለእያንዳንዱ ተወዳዳሪ ሥዕል ይሰጠው ነበር፤ ለአንዱ አንበሳ፣ ለአንዱ የስንዴ ዛላ። ዘገየ ግን ዕቃው መቅዳቱ በምን እንደሚታወቅ የጠየቁት መሰለው። ምልክቱ ሁለቱ ጎማዎች መሆናቸውን፣ እነሱ ሲዞሩ ካዩ ድምፃቸው መግባቱን እንዲያውቁ ነገራቸው። እንዲህ በግልጽ የሚያስረዳ ተወዳዳሪ ከዚያ በፊት አላጋጠማቸውም።

«ምን ታደርግልናለህ?» አሉት ኦቦ ቀነዓ።

«ምንም» አለ ዘገየ። «እንደ ወትሮው ሁኑልኝ። እኔ ዝም ብዬ ልስማችሁ።»

ሊሰማ የመጣ ተወዳዳሪ ደግሞ ጭራሽ ታይቶ አያውቅም። ሽማግሌዎቹ መረቁት። ኦቦ ቀነዓ ቤታቸው ወስደው ሚስታቸው ጉዴ የምትፈጭበትን ጓዳ አሳዩት። ዘገየ ማይኩን ከግድግዳው ሥር አኖረና ከደጅ ተቀመጠ። ጉዴ መጁን ይዛ ጎንበስ ቀና እያለች ፈጨች፤ በአፍንጫዋ ታንጎራጉራለች፣ ድንጋዩ ይፋጫል፣ አንዳንዴ ጸጥ ይላል፣ ደግሞ ይቀጥላል። ዘገየ ክሩ እስኪያልቅ አልተነቃነቀም። በዕድሜው እንደዚያ ያለ ነገር አልቀዳም።

የሁለት ጎማው ሰው ወሬ ከዚያች መንደር ተነሥቶ ካቺሲ ገበያ ደረሰ። ቴፑን ተሸክሞ በሄደበት ሁሉ ሰው ተነሥቶ ይቀበለው፣ ወንበር ያወጣለት፣ እርጎ ያቀርብለት ጀመር። የሞኝ ነገር፣ ዘገየ ጥበቡ በአውራጃው ውስጥ ድንገት የተወደደ መሰለው። ለሸዋገነት ሲነግራት አየት አደረገችውና ወደ ስፌቷ ተመለሰች።

ነገሩን የገለጡለት ባላምባራስ ይገዙ ናቸው። ባላምባራስ ሰፊ መሬት ያላቸው፣ በዚያ ምርጫ አሸናፊነታቸውን ማንም ያልተጠራጠረው ሰው ነበሩ፤ እሳቸው ራሳቸው የተጠራጠሩት የሁለት ጎማውን ወሬ ሲሰሙ ነው። አንድ ቀን ጠዋት ሱቁ ድረስ መጥተው ምን ያህል ድምፅ እንደያዘ ጠየቁት። ስለ ሥራው የጠየቀው ሰው ስላልነበረ ዘገየ በደስታ የክር ጣሳዎቹን ከመደርደሪያ አውርዶ ይደረድርላቸው ጀመር። ይህ ጉደር ነው፣ ይህ ካቺሲ፣ ይህ የአምቦ ነው፣ ግን ገና አልተስተካከለም አላቸው። ባላምባራስ ድምፅ በጣሳ ታሽጎ አይተው አያውቁምና ግንባራቸውን በመሐረብ ጠረጉ። ከውድድሩ ለመውጣት ምን እንደሚፈልግ ሲጠይቁት ነው ዘገየ እጁ በአየር ላይ የቀረው።

ሸዋገነት ከመኪናዋ ቀና አለች። «ባሌ የሚሰበስበው የአህያ ድምፅ ነው፣ ባላምባራስ» አለቻቸው። «እርስዎ የሚፈልጉት የሰው መስሎኝ።»

ባላምባራስ ነገሩ ሲገባቸው ብዙ ሳቁ፤ ሲስቁ ግን እያሰቡ ነበር። አዳራሹን አስከፍትልሃለሁ አሉት። እሱ ያለውን ሁሉ ያሰማ፣ ሲጨርስ እሳቸው ሁለት ቃል ይናገራሉ፤ ሌላ የሚጠይቁት ነገር የለም። ሲወጡ ሸዋገነት ይህ ሰው ሊጋልብህ ነው አለችው። ዘገየ ድምፅ ድምፅ ነው፣ የተናጋሪው ጉዳይ አያገባኝም ብሎ መለሰላት። ራሱንም አላሳመነም። ግን ለሚወደው ነገር አዳራሽ ያገኘ ሰው ስለ አዳራሹ ከፋች ብዙ አይመራመርም።

እሑድ ከሰዓት በኋላ አዳራሹ ሞልቶ ሰው በመስኮት ተንጠለጠለ። ኦቦ ቀነዓና የመንደራቸው ሰዎች ከፊት ተቀምጠዋል። ዘገየ ቴፑን በትልቅ ድምፅ ማጉያ ላይ አገናኝቶ ከፈተው። ፍል ውሃው ተንፈቀፈቀ። ጉደር ወረደ። ጋሪ በጠጠር መንገድ ላይ ተንቀጫቀጨ። ከዚያ የጉዴ ወፍጮ መጣ፤ መጁ ሲሄድና ሲመለስ ቆይቶ፣ በመካከሉ ትንሽ ትንሽ እያለ የአምቦው ሞተር ወፍጮ ገባና ድንጋዩን ዋጠው። ዘገየ ለዚህች መጋጠሚያ ስንት ጊዜ ክር እንደቆረጠ እሱ ያውቃል።

ሰው በጭብጨባ ተነሣ። ሴቶች እልል አሉ። አንዱ ባርኔጣውን ወረወረ። ዘገየ እንባው መጣበት፤ ስንት ዓመት የጠበቀው ሰዓት ይህ ነበርና። ሕዝቡ ግን ውሃው ሲወርድ የሰማው የቧንቧ ውሃ ነው። ጋሪው ሲንቀጫቀጭ የሰማው በክረምት የማይዘጋ መንገድ ነው። ድንጋዩ ወደ ሞተር ሲለወጥ እያንዳንዱ መንደር የራሱን የሞተር ወፍጮ ሰማ። በአዳራሹ ውስጥ ድምፁን የሰማ አንድም ሰው አልነበረም። ባላምባራስ ተነሥተው «የሰማችሁትን ሁሉ እኔ አደርገዋለሁ» አሉና ተቀመጡ። በቃ፣ ይኸው ነው። አሸነፉ።

አሸንፈውም አዲስ አበባ ገቡ። ውሃው አልመጣም፣ መንገዱም አልመጣም። እሳቸው ሩቅ ስለሆኑ ሰው ቅርብ ወዳለው ዘገየ ይመጣ ጀመር። ሬዲዮ ሊያስጠግን የመጣው ስለ መንገዱ ይጠይቀዋል። ከጉደር የመጣው ስለ ቧንቧው ይጠይቀዋል። ጨው ተራ ውስጥ ቴፑን ይዞ ሲቆም ነጋዴዎቹ አፋቸውን ይይዛሉ፤ ደግሞ ሊወስድብን መጣ ይላሉ። «እንደራሴው» የተባለው በዚያ ሰሞን ነው። ዘገየ «ድምፅ» የሚለው ቃል ሁለት ትርጉም እንዳለው፣ እሱ የሚሰበስበው አንደኛውን ብቻ መሆኑን ለሁሉም ያስረዳል። ሁሉም ይሰሙትና አንገታቸውን ይነቀንቃሉ፤ የመንግሥት ሰው ሁሉ እንዲህ ነው የሚናገረው።

ከሁሉም የከበደው የኦቦ ቀነዓ መምጣት ነው። ምርጫው ካለፈ ከዓመት በኋላ፣ አንድ ጠዋት፣ ፈረሳቸውን ከሱቁ ደጅ አስረው ገቡ። አልተቆጡም። ሸዋገነት ያቀረበችላቸው ወንበር ላይ ተቀምጠው ስለ ጤና፣ ስለ ዝናቡ ተጠያየቁ።

«ኢልማ ኮ፣ ልጄ» አሉት በመጨረሻ፣ «ለባላምባራስ የሰጠነው ነገር የለም። እሱን ቤቴ አላስገባሁትም። ድምፃችንን የወሰድከው አንተ ነህ። ሰገሌ ኬኛ ኑ ዴብሲ፤ መልስልን።»

ዘገየ ያንን የለመደውን ማስረዳት ጀመረ። የምርጫው ድምፅ በወረቀት ሳጥን ውስጥ መግባቱን፣ የእሱ ግን ሌላ መሆኑን ተናገረ። ኦቦ ቀነዓ እስኪጨርስ ጠበቁት።

«የጉዴ ድምፅ እዚህ አለ ወይስ የለም?»

«አለ።»

«እሱን ነው የምልህ።»

ዘገየ የሚመለሰውን ነገር በመጀመሪያ ይዩት ብሎ ያን ክር ከጣሳው አወጣና ከፈተው፤ ከአዳራሹ በኋላ ሞተሩን አውጥቶ እንደ ነበረ የቀጠለውን። ሱቁ በወፍጮው ድምፅ ተሞላ። ሸዋገነት የስፌት መኪናዋን አቆመች። ኦቦ ቀነዓ መጀመሪያ በጎማዎቹ ላይ አፍጥጠው ነበር። ቆይተው ዓይናቸውን ጨፈኑ።

«ጉዴ ናት» አሉ። ድንጋዩ ጸጥ ሲል ደግሞ ወደ ቴፑ አጎነበሱ። «እዚህ ለምን አቆመች?»

ዘገየ አያውቅም ነበር። ያቺን ጸጥታ ከሁሉ አብልጦ ይወዳታል፤ ዜማውን የምታሳምረው እሷ ናት ብሎ ስንት ጊዜ አዳምጧታል። ለምን እንደመጣች ግን ጠይቆ አያውቅም።

«ደክሟት ነው» አሉ ኦቦ ቀነዓ። መጁ እንደገና ተነሣ፣ ሄደ፣ ቆመ። «እዚህም ደክሟታል። ትንፋሿን ስማ።»

ጉዴ ስትፈጭ እሳቸው ወይ ተኝተዋል ወይ ከብት ዘንድ ናቸው፤ በአንድ ጣራ ሥር አርጅተው ይህን ሰምተውት አያውቁም። ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ፣ ከመቀመጫቸው ሳይነሡ፣ እያንዳንዷን ጸጥታ እየቆጠሩ ሰሙ። ዘገየ ሲያያቸው ደስታው ሊደብቀው ከሚችለው በላይ ሆነ። ዕድሜውን ሙሉ የፈለገው ሰው ከፊቱ ተቀምጧል። ክሩ ሲያልቅ ፏፏቴውን ላሰማቸው፣ ገበያውን ላሰማቸው እያለ ጣሳዎቹን ማውረድ ጀመረ።

«አጥፋው» አሉት ኦቦ ቀነዓ።

ዘገየ ጣሳውን እንደያዘ ቆመ። ይህን ሥራ በትክክል የሰማ ሰው እሳቸው ብቻ መሆናቸውን፣ ይህ ከጠፋ ሌላ እንደሌለው፣ እንዲያስቡበት ለመናቸው። ይህ ልመናው ባለመቀዳቱ ዕድለኛ ነው።

«በትክክል ስለሰማሁት ነው» አሉት። «እዚያ አዳራሽ እኔም ነበርኩ። እሷ ሲደክማት ቆሜ አጨበጨብኩ። ሁለተኛ ማንም አያጨብጭብበት።»

ዘገየ ወደ ሸዋገነት ዞረ። እሷ ግን የምታየው ኦቦ ቀነዓን ነበር። ዘገየ ማይኩን ከቴፑ ነቀለና መቅጃውን ተጫነው። ማጥፋት ማለት ባዶውን መቅዳት ነው፤ የሚፈጀውም የቀዱትን ያህል ጊዜ ነው። ኦቦ ቀነዓ አልቸኮሉም። ሁለቱም ምንም የማይሰማውን ነገር ፊት ለፊት ተቀምጠው እስከ መጨረሻው ጠበቁት። ጎማው ሲቆም ኦቦ ቀነዓ አመስግነውት ወጡ።

ዘገየ እስከ ስድሳ ስድስቱ አብዮት ድረስ፣ ከዚያም በኋላ መቅዳቱን አልተወም። ሰው ያለበትን ግን አይቀዳም፤ ውሃና ዝናብ ብቻ ነው። ምርጫ በመጣ ቁጥር ባላምባራስ አዳራሹን ሊያስከፍቱለት ይልኩበታል፤ ዕቃው ተበላሽቷል እያለ ይመልሳቸዋል።

ኦቦ ቀነዓ በመጡ በሳምንቱ ቅዳሜ በጉደር መንገድ በኩል ሲያልፉ ዘገየ በሩ ላይ ቆሞ ነበር። በፈረሱ ላይ ሁለት ጆንያ ጤፍ ተጭኗል፤ እሳቸው ከኋላው በእግራቸው ይነዳሉ፣ ወደ አምቦው ሞተር ወፍጮ። ሰላም ተባባሉ፤ ወረፋው ብዙ እንደሆነ ጠየቁት፣ እሱም ነገራቸው። ከዚያ ሁሉ ምርጫ ለጉዴ የደረሳት ያ ፈረስ ብቻ ነው።